ፊቴን ግለጪው

ካሳራኒ፣ ናይሮቢ
ጥር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

እትዬ ወርቂቱ፣

የጌታ ሰላም ከነቤትዎ ይድረስዎ። ሊያስታምሟቸው ከናይሮቢ የሄዱላቸው እህትዎ አልጋቸው ላይ ቀና ብለው መቀመጥ መጀመራቸውን አንብቤ ደስ አለኝ፤ እኛም እዚህ ረቡዕ ረቡዕ በጸሎት እየጠራናቸው ነው። ደብዳቤዎ በሞያሌ መንገድ ዕቃ በሚያመላልሰው በአየለ በኩል ትናንት ደረሰኝ። ጥጉን ዝናብ መትቶታል እንጂ ፊደልዎ ቀጥ ብሎ ተቀምጧል። ሰው «ቴሌግራም እያለ ምን ወረቀት ያላልካችኋል» ይለኛል። በሃምሳ ዓመቷ ፊደል የቆጠረች ሴት መጻፍ ካማራት እኔ ማን ነኝና እከለክላለሁ? ለነገሩ እኔም ለመድኩት። አማርኛዬ የናይሮቢ ስለሆነ ስህተት ካገኙ አርመው ይመልሱልኝ።

ፊልሙ የት ደረሰ ላሉኝ፣ ሊያልቅ ነው። እንደሚያውቁት መጀመሪያ የተነሳሁት የእኛ ሰዎች እዚህ በየቢሮው በር ላይ ስለሚደርስባቸው ነገር ልሠራ ነበር። አንድ ቀን እርስዎ ሽንኩርት እየከተፉ «ቆይ አንቺ፣ እኛን ስለሚንቁን ሰዎች ትጠይቂያለሽ፤ እኛ ስለምንንቃቸውስ?» አሉኝና የሸክላ ሠሪ ልጅ መሆንዎን ነገሩኝ። ፊልሙ በዚያው ቀን ተገለበጠ። እንደ ቃላችን ፊትዎን አደብዝዤዋለሁ፣ ድምፅዎንም ቀይሬዋለሁ። ልጅዎ ዮአብ እንኳ እስካሁን የማያውቀውን ነገር ከእኔ አፍ ማንም አይሰማውም።

አሁን ደግሞ የምሥራች። የዮአብ እጮኛ የርብቃ አባት ጋሼ ሐብተማርያም «ሽማግሌ ይምጣ» ብለዋል። ቀኑ የካቲት መጨረሻ ቅዳሜ ነው፤ ሽማግሌዎቹን ጋሽ አወቀ ይመራሉ። ዮአብ ከዌስትላንድስ ቢሮው እየበረረ መጥቶ ሲነግረኝ ደረጃው ላይ ሊወድቅ ነበር። ጋሼን ያውቋቸዋል፤ የቤተ ክርስቲያናችን ቦርድ ሰብሳቢ፣ ጊጊሪ ባለ ትልቅ ቢሮ የሒሳብ ሹም፣ የአገርዎ ልጅ። ልጅ ሲድሩ ዘር ያጣራሉ ብለው የሰጉት ስጋት ገብቶኛል። እኔ ጋ ያለው እኔ ጋ ይቀራል።

አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ይህ እስኪደርስዎ ያልፋልና ልጠይቅ ሳይሆን ልንገርዎ። የቤተ ክርስቲያናችን የሴቶች ኅብረት በቅርቡ እሑድ ከፊልሙ ትንሽ አሳዪን ብሎኛል። እዚህ ከተከራዩት ፎቅ፣ ከፍላትዎ ጀርባ እንስራ የሠሩበትን መርጫለሁ። ፊት የለበትም፣ ድምፅ የለበትም፣ እጅዎ ብቻ ነው የሚታየው። ፊልሙ ውስጥ እንደዚያ የሚያምር ቦታ የለኝም።

ልጅዎ ማዕዶት


ሾኔ
የካቲት 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ማዕዶት፣

ጌታ ይባርክሽ። እህቴ ትናንት ቆጮ ጠየቀች፤ ሰው ምግብ ከጠየቀ ደህና ነው። የቀረውን ሰላምታ ሌላ ቀን እጽፍልሻለሁ።

ደብዳቤሽ እንደደረሰኝ ስልክ የሚይዝበት ኮረብታ ላይ ወጥቼ ደወልኩልሽ። አንዲት ሴት የደወሉላቸው ደንበኛ ጥሪ አይቀበሉም ትለኛለች፤ ደጋግሜ ብደውል ደጋግማ ያንኑ። ስለዚህ ይችን ጻፍኩ። ካልዘገየሁ እጄን አታሳዪ።

አንቺ ናይሮቢ ያደግሽ ልጅ ነሽ፣ አልፈርድብሽም። ፊቷን ከሸፈንኩ ሴትዮዋን ሸፈንኩ ብለሽ ነው። እኛ አገር ግን ሸክላ ሠሪን በፊቷ የሚያውቃት የለም። ፊቷን ማን አይቶት? ገበያ ላይ ከዳር ነው የምንቀመጠው፤ ሰው የሚያየው እንስራውንና እንስራውን የያዘውን እጅ ነው። ዕቃ ልናደርስ ስንሄድ ደጃፍ ላይ እንቆማለን። የሚበላ ካለ ሳህናቸው እንዳይረክስ በኮባ ቅጠል አድርገው ከውጭ ይሰጡናል። ደግሞ እንስራ ስንሠራ እንስራውን አናዞረውም፤ እኛው ጎንበስ ብለን ወደ ኋላ እየሄድን እንዞረዋለን። የዚያ አገር ሰው ያንን አካሄድ ካየ የማንን ልጅ እንዳየ ያውቃል። ሐብተማርያም ደግሞ የዚያው አገር ሰው ነው።

ዮአብን ለምን አልነገሩትም ብለሽ ስትጠይቂኝ ሁልጊዜ ነገር እቀይርብሻለሁ። ይኸውልሽ። እኔ ሃምሳ ስምንት ዓመት ሆኖኝ አሁንም ሰው ቤት ስገባ እግሬ ትንሽ ይቆማል። የእሱ አይቆምም። ሮጦ ይገባል፣ የሰው ፍሪጅ ይከፍታል። ባለጌ ነው ብዬ እቆጣዋለሁ፤ በልቤ ግን ደስ ይለኛል። ያንን እንዳልወስድበት ብዬ ነው።

ወርቂቱ


ካሳራኒ
የካቲት 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

እትዬ ወርቂቱ፣

ዘግይቷል። ደብዳቤዎ የደረሰኝ ከእሑዱ በኋላ ነው። ስልኬ በዚያ ሳምንት ማታቱ ታክሲ ውስጥ ተሰርቆ ነበር፤ ግን ይህን ምክንያት አላደርገውም። ያጠፋሁት እኔ ነኝ። ይቅርታ ያድርጉልኝ።

እጅዎ ስክሪኑ ላይ ሲወጣ እናቶቹ እልል አሉ። ርብቃ ከኋላ ቆማ «ሺ ኢዝ ሶ ጉድ፣ እንዴት ጎበዝ ናት» ትል ነበር፤ የማንን እጅ እንደምታይ አላወቀችም። ጋሼ ሐብተማርያም ግን ከፊት ወንበር ተነስተው ወጡ። ከፍላትዎ ጀርባ ያለውን ሰማያዊ የውሃ ታንከር የማያውቀው የለም፤ እዚያ ቤት የኖረች የአገራቸው ሴት ደግሞ እርስዎ ብቻ ነዎት። ማክሰኞ ለጋሽ አወቀ ደውለው «የሽማግሌው ነገር ትንሽ ይቆይ» አሉ። ጋሽ አወቀ ምክንያቱን ሲጠይቋቸው «ዘር ከልጓም ይስባል» ብለው ዘጉት።

ዮአብ ከሥራ ሲወጣ ቀጥታ እኔ ጋ ይመጣል። ሶፋዬ ላይ ይቀመጥና «ማዕዶት፣ ዲድ አይ ዱ ሳምቲንግ? ምን አጠፋሁ?» ይለኛል። ነገሩ የእርስዎ እንጂ የእኔ አይደለምና ሆድ ይፍጀው ብዬ ሻይ አፈላለታለሁ።

ዋናው ነገር ይሄ ነው። ትናንት ጋሼ ራሳቸው መኪናቸውን ከፍላቴ በታች አቁመው አስጠሩኝ። አልተቆጡም። «ልጄ፣ ያ እጅ የሌላ ሴት ነው ካልሽኝ አምንሻለሁ። ሽማግሌው ይመጣል፣ ነገሩም እዚያ ላይ ያበቃል» አሉኝ። ገባዎት? እውነቱን ያውቁታል፤ የፈለጉት ውሸቴን ነው። ርብቃ ከእሳቸው ጋር መነጋገር ትታለች መሰለኝ፣ ጭንቅ ይዟቸዋል።

እትዬ ወርቂቱ፣ እርስዎ ካሉኝ እዋሻለሁ። ፊልሙንም እንደገና እቆርጠዋለሁ፣ ከነጭራሹ እርስዎ የሌሉበት ይሆናል። ገንዘብ የሰጡኝ ሰዎች ከተቆጡም ይቆጡ። የሁለት ዓመት ሥራ ነው፣ ይሁን፤ የዮአብን ሠርግ የሚያህል ነገር የለም። አንድ ቃል ይላኩልኝ።

ማዕዶት


ሾኔ
መጋቢት 1 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ማዕዶት፣

ይቅርታሽን ተቀብያለሁ። ሁለተኛ እንዳትጽፊው፣ ወረቀት ይፈጃል። የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም።

መጀመሪያ «ዋሺ» ብዬ ነበር የጻፍኩልሽ። አጥፌ ልልከው ስል እህቴ ከአልጋዋ ሆና «ምን አልሻት?» አለችኝ። እሷ ማንበብ አትችልም፤ አነበብኩላት። እሷም «አንቺ የገበሬ ልጅ ከሆንሽ ገበያ ላይ እንስራ የምሸጠው እኔ የማን ልጅ ነኝ? ሠርጉ ላይስ ማን ነኝ ልበል?» አለችኝ። ወረቀቱን ቀደድኩት።

በማግስቱ ኮረብታው ላይ ወጣሁ። ዮአብ አነሳ። ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ ብዬ ከአያቱ ጀመርኩለት። ጌታ የወሰደው አባቱ እኔን በማግባቱ ዘመዶቹ እንዴት እንደቆረጡት፣ ለምን ሞያሌን ተሻግረን እንደወጣን፣ ናይሮቢ ስንገባ ለምን የገበሬ ልጅ ነኝ እንዳልኩ፣ አንድም ሳላስቀር ነገርኩት። መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ «ሃሎ» አልኩ። «እየሰማሁ ነው ማማ» አለኝ። መጨረሻ ላይ «ደህና ዋይ» ብሎ ዘጋው። ያ ልጅ ከእኔ ጋር በደህና ዋይ ተለያይቶ አያውቅም። «ሎቭ ዩ ማማ» ይለኛል፣ እኔም «ተባረክ» እለዋለሁ። ከኮረብታው እንዴት እንደወረድኩ አላውቅም።

ፊት የማደብዘዙን ነገር ልመልስልሽ። ያኔ ተስማምቼ ነበር፤ ያስገደደኝ የለም። አሁን ሳስበው ግን እነዚያ ከደጃፍ ያቆሙን የነበረው ፊታችንን ላለማየት ነው። አንቺም በደግነት ያንኑ አደረግሽ። ፊቴን ግለጪው። ድምፄንም መልሺልኝ፤ እንደ ጎረምሳ አድርገሽው ይሆናል።

ሐብተማርያምን ውሸትም እውነትም አትንገሪው። ፊልሙን አሳዪው። ከእሱ በፊት ግን ዮአብ ይየው። እቤትሽ ከመጣ አብዪው፤ ሲናደድ አይበላም።

ወርቂቱ


ካሳራኒ
መጋቢት 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

እትዬ ወርቂቱ፣

በልቷል። ቀድሜ ይህን ልጻፍ ብዬ ነው። አንድ ድስት ፓስታ ብቻውን ጨርሶ «ሌላ የለም?» ብሎኛል።

መጀመሪያ ግን ጠፍቶብኝ ነበር፤ ስልክም አያነሳም። ከዚያ ከርብቃ ጋር መጣ። ቀድሞ ነግሯት ኖሯል፣ ያውም ቲካ ሮድ ላይ፣ ማታቱ ውስጥ ቆመው፣ ዘፈኑ እየጮኸ። እንዴት እንዲህ ያለ ቦታ ትነግራታለህ ብዬ ስቆጣው «ቤት እስክንደርስ መቆየት አቃተኝ» አለኝ። እሷ ምን አለች ብለው እንደሚጠይቁኝ አውቃለሁ። «ሶ ዋት? ታዲያ ምን አለበት?» ነው ያለችው። ቀጥላ «ዳዲ ሽማግሌውን ያስቆመው ለዚህ ነው?» ብላ ጠየቀችው። አንገቱን በአዎንታ ሲነቀንቅ ማታቱውን አስቁማ ወረደች፤ እሱም ተከትሏት ወረደ። በእግራቸው ነው እኔ ጋ የመጡት።

ፊልሙን አብረን አየነው። ፊትዎ ተገልጧል፣ ድምፅዎም የራስዎ ነው። ዮአብ የተቆጣው ሸክላ ሠሪ ስለሆኑ አይደለም። «ሰው ቤት ስንሄድ ሁልጊዜ ከኋላዬ በር ላይ ትቀራለች። ጫማዋን እያወለቀች ይመስለኝ ነበር» አለ። ከዚያ አለቀሰ። እኔና ርብቃም አለቀስን፣ ምን ይደረግ። «እደውልላታለሁ፣ ግን የምለውን ልፈልግ» ብሏል። ካልደወለ ይጻፉልኝ፤ አስደውለዋለሁ።

ጋሼ ሐብተማርያምም መጡ። ያመጣቻቸው ርብቃ ናት፤ ምን እንዳለቻቸው አልነገረችኝም። ኮታቸውን ሳያወልቁ ቆመው ማየት ጀመሩ። እርስዎ ስለ ኮባ ቅጠሉ ሲናገሩ ተቀመጡ። ሲያልቅ እንዲህ አሉኝ፦ «ሐሙስ ገበያ ከእናቴ ጋር እሄድ ነበር። እንስራ የምንገዛው ሁልጊዜ ከአንዲት ሴት ነው። እሷ መሬት ላይ ታስቀምጣለች፣ እኔ ከመሬት አነሳለሁ። ከእጇ አንቀበልም። በእሷ እንስራ ውሃ እየጠጣሁ አደግሁ፣ ስሟን ግን አላውቅም።» የግራ እጇ ትንሿ ጣት ታጥፋ የቀረች ነበረች ይላሉ። እናትዎ ትሆን እንደሆነ ጠይቂልኝ ብለው ለመኑኝ።

ስለ ሽማግሌው ምንም አላሉም። እኔም ያን ሰዓት ልጠይቃቸው አልደፈርኩም። ዮአብና ርብቃ እየጠበቁ ነው።

ማዕዶት


ሾኔ
ሚያዝያ 6 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ማዕዶት፣

ዮአብ ደወለ። «ተባረክ» አልኩት። ከዚህ በላይ ብጽፍ ወረቀቱን አበላሸዋለሁ።

ለሐብተማርያም እናቴ አይደለችም በይው። እናቴ ሐሙስ ገበያ አትወጣም፣ የእኛ ማክሰኞ ነበር። ጣቷ የታጠፈችው ቀመሪያ ናት። አለች፣ በሕይወት። ዓይኗ ደክሟል፣ ምላሷ ግን አልደከመም። ቤቷ ሄጄ ከእናቱ ጋር ይመጣ የነበረውን ልጅ ታስታውሺዋለሽ ወይ ብዬ ጠየቅኋት። «አላስታውሰውም። ብዙ ነበሩ። ሁሉም ከመሬት ነው የሚያነሱት» አለችኝ። ይህን ሳትቀንሺ ንገሪው። ቀጥላ ደግሞ «ከመጣ ግን ቤቴ ይግባ። ተቀምጦ ስሜን ራሴን ይጠይቀኝ» ብላለች። ይህንንም ሳትጨምሪ ንገሪው።

ሽማግሌው ይላክ ወይ ለሚለው፣ ይላክ። ዮአብንም ይኸንኑ ብዬዋለሁ። ለአወቀ ግን አንድ ነገር አደራ በይልኝ። ሽማግሌ ነገር ማለስለስ ይወዳል። «ከደህና ቤተሰብ ነው፣ እናቱም የጸሎት ሴት ናት» ብሎ እንዳያልፈኝ። የማን ልጅ ነው ሲባል የሸክላ ሠሪዋ የወርቂቱ ልጅ ይበል። ሐብተማርያም እምቢ የሚል ከሆነም ይህን በጆሮው ሰምቶ እምቢ ይበል። ልጄ በውሸት ከሚዳር ሌላ ዓመት ቢጠብቅ ይሻለኛል። እናት ስትሆኚ ይህን ማለት ምን ያህል እንደሚከብድ ታውቂዋለሽ።

ወርቂቱ


ካሳራኒ
ሚያዝያ 27 ቀን 2017 ዓ.ም.

እትዬ ወርቂቱ፣

መልእክትዎን ሳልቀንስ ሳልጨምር ለጋሼ አድርሻለሁ። «ሁሉም ከመሬት ነው የሚያነሱት» የሚለውን ሁለቴ አስደገሙኝ። ከዚያ ለጋሽ አወቀ ደውለው ቅዳሜ ኑ አሏቸው።

እኔ በሽማግሌ መሐል ምን እሠራለሁ፣ አልገባሁም። ርብቃ ከወጥ ቤት እየሰማች በስልክ ጻፈችልኝ፤ የቀረውን ጋሽ አወቀ ሞሉልኝ። እንደ ደንቡ ቆሙ። ተቀመጡ ሲባሉ «ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም» አሉ። ጋሼም «ልጁ የማን ልጅ ነው?» ብለው ጠየቁ። ጋሽ አወቀ እንደነገሩኝ በሽምግልና ዘመናቸው ሁሉ እንደዚያ ቀን ፈርተው አያውቁም። «የሸክላ ሠሪዋ የወይዘሮ ወርቂቱ ልጅ ነው» አሉ። ከሽማግሌዎቹ አንዱን ሳል ያዘው። ርብቃ ወጥ ቤት ውስጥ ምድጃውን አጥፍታ ቆመች።

ጋሼ እንዲህ አሉ፦ «ሰምቻለሁ። ልጁን እወደዋለሁ፣ ልጄም ከእሱ ሌላ አታስብም። ግን ይህን ጥያቄ ከሽማግሌ አልቀበልም። እናቱ ትምጣ። ቤቴ ገብታ፣ ከእኔ ጋር ከአንድ ሳህን በልታ፣ ራሷ ትጠይቀኝ። ያን ቀን እሺ እላለሁ።»

ጋሽ አወቀ ግራ ገብቷቸዋል። እናት ራሷ ሽማግሌ ሆና የልጇን ሚስት ስትጠይቅ ማን አይቶ ያውቃል? ርብቃ «እሺ ብሏል፣ አበቃ» እያለች ትዘላለች። ዮአብ ግን ተናዷል፤ «ማማ ናት እንዴ የምትፈተነው?» ይላል። እኔ እንጃ። ጋሼ ኩራታቸው ገና አልለቀቃቸውም። ነገር ግን ያን ሲናገሩ የሚያዙ ሳይሆን የሚለምኑ ይመስሉ ነበር ብለውኛል ጋሽ አወቀ። መንገዱ ሩቅ ነው፣ እህትዎም አሉ። ባይመጡ ማንም አይቀየምዎትም። እርስዎ የሚሉትን እንጠብቃለን።

ማዕዶት


ሾኔ
ግንቦት 8 ቀን 2017 ዓ.ም.

ልጄ ማዕዶት፣

ዮአብን አትናደድ በይው። ፈተና ከሆነም ተፈታኙ ሐብተማርያም ነው። ሳይደግስ አይጣላም ይባላል፤ ድግሱን ይደግስ፣ እንበላለን።

እንበላለን ያልኩሽ እህቴም ስለምትመጣ ነው። ከአልጋዋ ተነስታ ከጠዋት ጀምሮ ነጠላ እየመረጠች ታስቸግረኛለች። ማን ነኝ ትይዋለሽ ስላት «የሙሽራው አክስት ነኛ» ብላ ገላመጠችኝ። አየለ ይችን አድርሶልሽ ሲመለስ መኪናው ጋቢና ሊያስቀምጠን ቃል ገብቷል፤ በቀጣዩ ጉዞው እንነሳለን።

ፈርተዋል ወይ ብትይኝ፣ አዎ ፈርቻለሁ። ናይሮቢ ስኖር እዚያ ቤት ለጸሎት ስንት ጊዜ ገብቻለሁ፤ ግን የገባችው ያቺ የገበሬ ልጅ ናት። እኔ ገና አልገባሁም። ይህን ለዮአብ እንዳትነግሪው።

አንድ ሥራ ደግሞ አለብሽ። ያን ቀን ልትቀበይኝ ወደ መኪናው እንዳትመጪ፣ ካሜራሽን ይዘሽም ከኋላዬ እንዳትከተይኝ። ቀድመሽ ሐብተማርያም ቤት ግቢና ከውስጥ ጠብቂኝ። ስገባ ከፊት ለፊት አንሺኝ።

ወርቂቱ